ከወይጦ በኩል የሚመጡ መኪኖች

አባቴ እኔንና ወንድሜን ለእትዬ ዘሪቱ ትቶ የሄደ ቀን ዶፍ ይጥል ነበር። ፊቱን አላስታውስም። የማስታውሰው የዝናብ ልብሱን ጫፍ፣ ከጫፉ እግሬ ላይ የሚንጠባጠበውን ውሃና ከገላው የማይለቀውን የዲዲቲ ሽታ ነው። የወባ ማጥፊያ ሠራተኛ ነበር። የመድኃኒት መርጫውን በጀርባው ተሸክሞ ቆላውን ሲያዳርስ፣ ዛሬ ወይጦ ነገ አርቦሬ ሲል ይከርምና ጂንካ ብቅ የሚለው አንዳንዴ ነው። እናታችን ሞታለች። እኔ ሰባት ዓመት ቢሆነኝ ነው፤ ተፈሪ ገና ሦስት አልሞላውም። በዚያ ክረምት ሶማሌ ወረረን ተባለ፤ ሬዲዮው ቀኑን ሙሉ ማርሽ ሲያሰማ ዋለ፤ አባቴም ዘመተ።

"ክረምቱን ብቻ ያዢልኝ፣ ዘሪቱ" አላት ደጃፏ ላይ ቆሞ። "መስከረም ሲጠባ እመጣለሁ።"

እትዬ ዘሪቱ አንድ ክፍል ያከራየችን ሴት እንጂ ዘመዳችን አልነበረችም። ከበሩ ገለል አለችና "ግቡ፤ ትርሳላችሁ" አለችን። ሌላ ቃል አልተናገረችም። ያልፈለገችን መሰለኝ።

የተወለደችው ከከተማው በላይ ካለ የአሪ መንደር ነው። አማርኛን የለመደችው ትልቅ ሰው ከሆነች በኋላ ገበያ ላይ ስለሆነ ንግግሯ ሁልጊዜ አጭር ነበር፤ ይህን ግን የሰባት ዓመት ልጅ ከየት ታውቃለች? ልጅ አልወለደችም። በዚህ ምክንያት ባሏ ጥሏት ቡልቂ ሄዶ ሌላ አግብቷል ይባላል። ከቤቷ ጀርባ እስከ ነሪ ወንዝ አፋፍ የሚወርድ ጓሮ ነበራት፤ እንሰት አለበት፣ ሙዝ አለበት፣ ከሁሉም ይልቅ ግን ጎደሬ። ቅዳሜ ቅዳሜ ጎደሬና ሙዟን ይዛ ገበያ ትወጣለች። እጆቿ ሰፋፊና ሻካራ ነበሩ። ፀጉሬን ስትሠራኝ ጣቶቿ እርጥብ አፈር፣ እርጥብ አፈር ይሸቱኛል።

መስከረም ጠባ። አባቴ አልመጣም።

ተፈሪ መጀመሪያ ላይ ቀን ከሌት አለቀሰ። ከዚያ እትዬ ዘሪቱ ጀርባ ላይ ወጣ፤ ከወጣም በኋላ አልወረደም ማለት ይቻላል። ስትኮተኩት ጀርባዋ ላይ ነው፣ ከወንዝ ውሃ ስትቀዳ ጀርባዋ ላይ ነው፣ ገበያ ስትወጣም እንደዚያው። አፉን የፈታው በአሪኛ ነው ብል አልዋሸሁም። ሁለቱ እርስ በርስ ያወራሉ፤ እሷ አንድ ነገር ትለዋለች፣ እሱ ጆሮዋ ውስጥ መልሶ አንድ ነገር ይላታል፣ ከዚያ ትከሻዋ እስኪንቀጠቀጥ ትስቃለች። በአማርኛ እንደዚያ ስትስቅ አይቻት አላውቅም። እኔ ባዶ ቅርጫት ይዤ ከኋላ ከኋላ እከተላለሁ። ምን እንደሚያስቃቸው አላውቅም። ለማንም የማልነግረውን ናፍቆት በሆዴ ይዤ፣ አባቴን ብቻ እጠብቃለሁ።

እትዬ ዘሪቱም የምትጠብቀው መስሎኝ ነበር። እንዲያውም ከእኔ ይልቅ እሷ ናት የምትናፍቀው እስክል ድረስ።

ያን ጊዜ ወደ ጂንካ የሚመጣ ሰው ወይ ከሰማይ ይወርዳል፣ ወይ ከወይጦ በኩል በጭነት መኪና ይመጣል። አውሮፕላኑ የሚያርፈው ከተማው መሐል ያለው የሣር ሜዳ ላይ ነበር፤ ድምፁ ሲሰማ ሰው ዱላ ይዞ ይወጣና የሚግጡትን ከብቶች ያባርራል። እትዬ ዘሪቱን አውሮፕላኑ ግድ አይሰጣትም፤ አባቴ የአውሮፕላን ሰው እንዳልሆነ ታውቃለች። የመኪና ድምፅ ሲሆን ግን ሌላ ነው። ገና ዳገቱን ሲያቃስት ጆሮዋ ይይዘዋል። የያዘችውን ሁሉ ትጥላለች፤ ዶማም ይሁን ድስት። ነጠላዋን ወገቧ ላይ ታስርና መኪኖቹ ወደሚቆሙበት በሩጫ ቀረሽ እርምጃ ትሄዳለች፣ እኔም ከኋላዋ። ሰው መሐል አትገባም። ራቅ ብላ ከአንድ ዋርካ ሥር ትቆምና ከጭነቱ ላይ የሚወርደውን ሰው አንድ በአንድ ታያለች። አቧራ የለበሰ ወንድ ሲወርድ እጄን ጭምቅ ታደርገዋለች። መጨረሻው ሰው ወርዶ ረዳቱ ሸራውን መጠቅለል ሲጀምር በረጅሙ ትተነፍሳለች። "የለም" ትለኛለች። "እንሂድ።"

ቤት ስንገባ እንቁላል በቅቤ ትጠብስልናለች። ማር ካለ ማር ታወጣለች። ተፈሪን ወደ ላይ እየወረወረች ትቀልባለች። እኔ እንቁላሉን እየበላሁ እንባዬ ይወርዳል፤ እንዳላዝን ብላ፣ እሷም ውስጧ እያዘነ፣ ልታጽናናኝ የምትደክም ይመስለኝ ነበር። "አይዞሽ" ትለኛለች ፊቴን በመዳፏ እየጠረገች። ያ መዳፍ ትኩስ ነበር። ዛሬ ሳስበው፣ ያዘነ ሰው እጅ እንደዚያ አይሞቅም።

ደግሞ ጸሎቷ ነበር። የጴንጤዎቹ ቸርቻቸው በመንግሥት ታሽጎ ስለነበር ማለዳ ማለዳ ጓሮ ትወርድና እንሰቱ መሐል ተንበርክካ ትጸልያለች። በአሪኛ ነው የምትጸልየው። ከማልገባኝ ቃላት መሐል የአባቴ ስም ብቅ ይላል፤ "ወንድይፍራው" ትላለች፣ እንደገና "ወንድይፍራው" ትላለች። ዓይኗን ጨፍና፣ እጆቿን አጣምራ። እኔ ከበሩ ሥር ተቀምጬ እሰማታለሁ። የዚህን ያህል የምትለምንለት ሰው እንዴት አይመጣም እላለሁ በልቤ።

አንድ ዓመት አለፈ፤ ሌላም አለፈ። ትምህርት ቤት ገባሁ። ጦርነቱ አለቀ ተባለና የዘመተው ሰው ግማሹ ተመለሰ፤ አባቴ ግን ከተመለሱትም ከሞቱትም አንዱ አልሆነም። በዚያ ሰሞን ጋሽ መኮንን የሚባሉት የቀበሌያችን ሰው ቤታችን መጡ። አባታቸው የት እንዳለ ስለማይታወቅ ልጆች እየዞሩ ይጠይቁ ነበር። እትዬ ዘሪቱ በሩ ላይ ቆማ አላስገባቸውም አለች። "አባት አላቸው። ዘምቷል። ይመጣል።" ጋሽ መኮንን ሄዱ። በማግሥቱ ትምህርት ቤት ውስጥ ወሬው ሌላ ሆኖ ጠበቀኝ። አባት የሌላቸውን ልጆች የሚሰበስብ ሸራ ያለው መኪና ሊመጣ ነው አሉ። ፀጉር ይላጫል፤ ሁሉም አንድ ዓይነት ቁምጣ ይለብሳል፤ ወንድና ሴት ለየብቻ ነው የሚተኛው። ወንድሜና እኔ ለየብቻ! ከዚያን ቀን ጀምሮ መኪና ሲመጣ የምፈራ ልጅ ሆንኩ።

ይህ በሆነ በጥቂት ሳምንት ውስጥ ተፈሪ ወባ ያዘው። አንድ ምሽት፣ ገና ለዓይን ያዝ ሲያደርግ፣ አብደላ መጣ። አብደላ ከአርባ ምንጭ ጭነት የሚያመላልስ ጎረቤታችን ነበር፤ ሚስቱ ፋጢማ ደግሞ ከእትዬ ዘሪቱ ጋር አይለያዩም። ሌላ ጊዜ ሲመጣ ጮክ ብሎ እየሳቀ ነው የሚገባው። ያን ዕለት ደጅ ቆሞ ቀረ። እኔ ተፈሪ አጠገብ ተኝቼ በጭቃው ግድግዳ ስንጥቅ የሚገባውን ድምፅ እሰማለሁ።

"ሰውየው ይመጣል" አላት።

"የቱ ሰውዬ?"

"የቱ ይሆናል ዘሪቱ!"

"መች?" አለች።

"ክረምቱ ሲወጣ። መጥቶ ይወስዳቸዋል።"

"ሁለቱንም?"

"ታዲያ አንዱን ወስዶ አንዱን ይተዋል? ምን ነካሽ?"

"ልጁ ትኩሳት ላይ ነው። ንገረው። ትንሽ ይቆይ።"

"እነግረዋለሁ። ልጆቹስ ሰምተዋል?"

"አልሰሙም። አንተ አትንገር። እኔ እነግራቸዋለሁ።"

"ሰውየው" ማን እንደሆነ ለእኔ ከጠራራ ፀሐይ የበለጠ ግልጽ ነበር። ሸራ ያለው መኪና የሚነዳው ሰውዬ ነው። እትዬ ዘሪቱ ታውቃለች፤ እትዬ ዘሪቱ ተስማምታለች። ጠዋት ስነሣ ትነግረኝ እንደሆነ ብዬ ዓይን ዓይኗን አየሁ። አፏን ከፈተች፣ መልሳ ዘጋችና "ውሃ አምጪ" አለችኝ። እንደዚህ ብዙ ጊዜ ሆነ። አንድ ነገር ልትለኝ ትጀምርና ውሃ ትልከኛለች፤ ቤት ውስጥ ውሃ የምናስቀምጥበት ዕቃ አጣን።

ተፈሪ ከበሽታው ሲያገግም ደግሞ የባሰ ነገር መጣ። እንደ ልማዱ ልታዝለው ጀርባዋን እንድትሰጠው እጆቹን ዘርግቶ ሲሄድ ገለል አለች።

"እግር አለህ። ሂድ" አለችው።

ቀልድ መስሎት ሳቀ። እንደገና ሄደ። እንደገና ገለል አለች። ከዚያ ቀሚሷን ይዞ መሬት ላይ ተቀምጦ ጮኸ። እሷ ሁለት እጆቿን ደረቷ ላይ አጥብቃ አቅፋ፣ ወደ እንሰቱ እያየች፣ ጮኾ እስኪበቃው ቆመች። ማታ ማታ እቅፏ ውስጥ ይተኛ የነበረውን ልጅ ከእኔ ጋር አስተኛችው። አሪኛ ማናገርም ተወች፤ እሱ በአሪኛ ሲጠይቃት በአማርኛ ነበር የምትመልስለት። አማርኛው ጎርበጥ እያለበት፣ እየተኮላተፈ፣ ግራ ገብቶት ያያታል።

ሰልችተናታል አልኩ። ዘጠኝ፣ ዐሥር ዓመት በሚሆን ልጅ አእምሮ ከዚህ ሌላ ምን ይታሰባል? ልጁን ከራሷ እያላቀቀች፣ ለአባቱ ቤት ቋንቋ እያዘጋጀች፣ ራሷንም ባዶ ጀርባ እያለማመደች እንደነበር ለማወቅ እኔ ራሴ ልጅ አዝዬ ማውረድ ነበረብኝ።

እኔም የራሴን ዝግጅት ጀመርኩ። ጓሮ ውስጥ የበቆሎ ጎተራ ነበር፤ ከቀርከሃ የተሠራ፣ በእንጨት ላይ ከፍ ብሎ የቆመ። በቆሎው ተበልቶ ሊያልቅ ምንም አልቀረውም። ተፈሪን ይዤ መግባት ተለማመድኩ። እሱ ጨዋታ ነው ብሎ ይፍለቀለቃል። ትንፋሽ ሳያሰማ መቀመጥን አስተማርኩት። እትዬ ዘሪቱ አንዴ ስንወጣ አይታን ምንም ሳትል አለፈች።

ሰውየው የመጣው ከሰዓት በኋላ ነው። የመኪናውን ድምፅ ሰምተናል፤ እሷ ግን ለመጀመሪያ ጊዜ አልተነሣችም፤ ያለችበት ተቀምጣ ጎመን መቀንጠሷን ቀጠለች። ብዙም ሳይቆይ ከአጥራችን በላይ የካኪ ቆብ አየሁ። ተፈሪን በክንዱ ጎትቼ ጎተራው ውስጥ ከተትኩት፤ እኔም ገባሁ። በቀርከሃው ክፍተት ደጁ ይታየኛል። የወታደር ካፖርት የለበሰ፣ የከሳ፣ በዱላ ተደግፎ አንድ እግሩን የሚጎትት ሰው ገባ። ፀጉራችንን የሚላጨን ይኸው ነው አልኩ።

"ዘሪቱ፣ እንደምን ከረምሽ?"

"ደህና።" ከመቀመጫዋ ተነሣች። ጎመኑ ከጉልበቷ ላይ ተበተነ።

ሰውየው ዙሪያውን አየ። ጓሮውን፣ በሩን፣ የተሰጣውን የተፈሪን ቁምጣ። "የታሉ?" አለ።

እትዬ ዘሪቱ ዝም አለች።

"ልጆቹ የታሉ?"

ወደ ጎተራው አየች። ዓይኗ በቀርከሃው ክፍተት ዓይኔ ላይ ያረፈ መሰለኝ። ከዚያ ዓይኗን አንሥታ ወደ ወንዙ አሻግራ አየች። አሁንም ዝም። ተፈሪ እጄን ይዞ፣ ባስተማርኩት መሠረት፣ ትንፋሹን ውጧል። ሰውየው ዝምታዋን ሲሰማ፣ ሲሰማ፣ ፊቱ እየተለዋወጠ ሄደ። ዱላውን ለቀቀ። ባለበት መሬት ላይ ተቀመጠና ቆቡን አውልቆ ፊቱን ሸፈነበት።

"ሁለቱም?" አለ ከቆቡ ውስጥ። "ሁለቱም ሞቱብኝ?"

ያን ጊዜ አዎ ብትለው ምን ይከለክላት ነበር? ሽማግሌ አልነበረም፣ ምስክር አልነበረም። አብደላን አታውራ ብትለው አያወራም ነበር። አባቴ ያን ዱላውን ይዞ በመጣበት መንገድ ይመለስ ነበር። ስለዚያች ቅጽበት ብዙ አስቤአለሁ፤ ስትመርጥ ያየኋት ሴት እሷ ብቻ ናት።

"አልሞቱም" አለች በመጨረሻ፣ ድምፅዋ ተሰብሮ። "ተነሥ። አልሞቱም። ውባየሁ! ተፈሪን ይዘሽ ውጪ። አባታችሁ ነው።"

አልወጣሁም። ልታስወስደን የምትዋሽ መስሎኝ ጭራሽ ወደ ውስጥ ተሸጎጥኩ። እሷ ራሷ መጥታ ክዳኑን አነሣች። ተፈሪ እጆቿን ሲያይ ጨዋታው ያለቀ መስሎት፣ ደግሞም ከስንት ቀን በኋላ ልትይዘው ስለመጣች፣ እየሳቀ አንገቷ ላይ ተጠመጠመ። አቀፈችው። ጠበቅ አድርጋ አቀፈችው። ከዚያ እስከ ሰውየው ድረስ ወስዳ ጣቶቹን ከአንገቷ ላይ አንድ በአንድ አላቀቀችና ሰጠችው። ተፈሪ የአባቴን እጅ ነከሰ። አባቴ በተነከሰው እጁ አቅፎት፣ "ልጄ አላወቀኝም፤ ልጄ አላወቀኝም" እያለ፣ አንዴ ይስቃል አንዴ ያለቅሳል። እሷ የተበተነውን ጎመን ለመልቀም ጎንበስ አለች።

በማግሥቱ በአብደላ መኪና ወደ አርባ ምንጭ ሄድን። አባቴ እዚያ ዘበኝነት አግኝቶ ሚስትም አግብቶ ነበር። ልንሰናበት ስንል እትዬ ዘሪቱ ቤት ውስጥ የለችም። ፈልጌ ጓሮ ወረድኩ። ጀርባዋን ሰጥታኝ ጎደሬ ትቆፍራለች። "እትዬ፣ ልንሄድ ነው" አልኳት። "መንገዱ ይቅናችሁ" አለችኝ ሳትዞር። ዶማዋ ወጣ፣ ወረደ። መኪናው ላይ ሆኜ፣ የሚቆፈር ጎደሬ ከእኛ በልጦባት ነው ብዬ አለቀስኩ። ጎደሬው ገና እንዳልደረሰ፣ ጓሮውን ከዳር እስከ ዳር ገልብጣ ጣት የማያህለውን ሁሉ ነቅላ እንደጣለችው፣ ያን ዓመትም ከሙዝ በቀር ገበያ የምታወጣው አጥታ እንደከረመች ፋጢማ የነገረችኝ ከብዙ ጊዜ በኋላ ነው።

አርባ ምንጭ ላይ ተፈሪ ለጥቂት ወራት በአሪኛ አለቀሰ። እንጀራ እናታችን ክፉ ሴት አልነበረችም፤ ግን ምን እንደሚል አታውቅም፣ እኔም አላውቅም። ቃላቱ አንድ አንድ እያሉ ጠፉበት። ስምንት ዓመት ሲሆነው ስለ ጂንካ ብጠይቀው የሚያስታውሰው ነገር አልነበረም። አባቴ ዝምተኛ ሰው ሆኖ ተመልሶ ነበር። ቤቱ ውስጥ አራት ሆነን እንኖራለን፤ እኔ ግን የማናግረው ሰው አጥቼ ነው ያደግሁት።

ተፈሪ ዐሥራ ሰባት ዓመቱን እንደያዘ ከኳስ ሜዳ ታፍሶ ወደ ሰሜን ተላከ። በሰማንያ ሦስት ግንቦት መንግሥት ሲወድቅ ወታደሩ እየተበተነ፣ በእግሩም በመኪናም ወደየቤቱ ጎረፈ። አብሮት የታፈሰው ደምሰው የሚባል የሠፈራችን ልጅ ተመለሰ። ተፈሪ አጠገቡ እንደሞተ፣ በእጁም አፈር እንዳለበሰው ነገረን። አባቴ ሰምቶት ሲያበቃ ተነሥቶ በሩን ዘጋ።

"እኔንም የሞተ ያህል ቆጥረውኝ ነበር" አለ። "መጣሁ። ይመጣል። እዚህ ቤት የሚለቀስ ነገር የለም።"

ድንኳን አልተተከለም፤ ጎረቤት አልተጠራም። እንጀራ እናቴ የአባቴን ፊት እየፈራች ዝም አለች። እኔ ልብስ ሳጥብ፣ ውሃ ስቀዳ፣ ሰው በሌለበት እያለቀስኩ አንድ ወር ያህል ቆየሁ። ከዚያ አንድ ቀን ተነሥቼ አብደላን ፈለግሁት። ፀጉሩ ሸብቷል፤ መንገዱ ግን ያው መንገዱ ነው። ጂንካ ውሰደኝ አልኩት።

ወይጦ ላይ ሞተሩ እስኪበርድለት ጥላ ሥር ተቀመጥን። የተፈሪን ነገር ነገርኩት። በመዳፉ ፊቱን አበሰ።

"ያኔ የኔን መኪና ስትሰማ እየሮጠች የምትመጣው ለምን ይመስልሽ ነበር?" አለኝ።

"አባታችንን ፍለጋ ነዋ።"

"አባታችሁ አለመምጣቱን ልታይ ነው። ሰው ወርዶ እስኪያልቅ ትንፋሿን ይዛ ትቆማለች። ሲያልቅ በአሪኛ 'ተመስገን' ትላለች። እኔ አጠገቧ ሳልፍ በጆሮዬ ሰምቻታለሁ።"

ያ ሁሉ እንቁላል፣ ያ ሁሉ ማር።

እትዬ ዘሪቱ በር ስትከፍት አላወቀችኝም። ካወቀችኝ በኋላ ደግሞ መጀመሪያ ያየችው እኔን ሳይሆን ከኋላዬ ያለውን መንገድ ነው።

"ብቻሽን ነሽ?"

"ብቻዬን ነኝ፣ እትዬ።"

"ይሁን። ግቢ።"

ራት አበላችኝ። ቁመቱ ስንት ደረሰ አለችኝ፤ እጇን ከራሷ በላይ አንሥታ "ይህን ያክላል?" አለች። ያክላል አልኳት፤ ያክልም ነበር። አሁንም ተጠቅልሎ ነው የሚተኛው አለችኝ። አዎ አልኳት። የመጣሁበትን መናገር አቅቶኝ ሌላ ጥያቄ ጠየቅኋት።

"እትዬ፣ ያኔ እንሰቱ ውስጥ ስትጸልዪ የአባቴን ስም ትጠሪ ነበር። ምን ብለሽ ነው የምትለምኚው?"

ጠይሙ ፊቷ ላይ እንደ ማፈር ያለ ነገር መጣ። "ሁለት ነገር" አለች። "እንዳይሞት። እንዳይመጣም። ሁለቱን አንድ ላይ። እግዚአብሔር ይቆጣኛል ብዬ እፈራ ነበር።" ትንሽ ቆየችና "አንቺ ትጠብቂው ነበር። ታለቅሺ ነበር። አውቃለሁ። እኔ ግን አልቻልኩም" አለች።

አብደላ በዚያው ምሽት ለፋጢማ ነግሯት፣ ፋጢማም ጎረቤቱን ሰብስባ ኖሯል። መርዶ በአንድ ሰው አይነገርም። ቀበሌውን የተዉትና ያረጁት ጋሽ መኮንን መጀመሪያ አንገራግረው ነበር አሉ፤ "መርዶ ለወላጅ ነው የሚነገረው። እሷ በምን ወግ?" ቢሉ፣ ፋጢማ "ታዲያ ይህ ሞት በጂንካ ለማን ይነገር? ለግድግዳው?" ብላ አፍጥጣባቸው ተነሡ።

ጎህ ሲቀድ መጡ። እትዬ ዘሪቱ ከጓሮ ስትመለስ ደጇ ላይ ነጠላቸውን ያዘቀዘቁ ሰዎች ቆመው አገኘች። ሁሉንም አንድ በአንድ አየቻቸው። መጨረሻ ላይ እኔን አየችኝ።

"አባትሽ ነው?" አለች።

አንገቴን ደፋሁ።

"ወንድይፍራው ነው። ወንድይፍራው ነው በሉኝ" አለች፣ ወደ ፋጢማ እየሄደች። "ፋጢማ፣ አባቱ ነው በይኝ።"

ፋጢማ በሁለት እጇ ያዘቻት። ከዚያ በኋላ የጮኸችውን በአሪኛ ስለጮኸች ቃሉን አልያዝኩትም፤ ስሙን ብቻ ሰማሁ።

ረፋዱ ላይ ግቢው ሞላ። ከላይ ከመንደሯ ዘመዶቿ ወረዱ፤ የገበያ ሴቶች መጡ፤ የአብደላ ዘመዶች ድንኳን ወጠሩ። የሚመጣው ሁሉ ጎንበስ ብሎ "እግዜር ያጽናሽ" የሚለው እሷን ነበር። "ማን ነው የሞተባት?" የሚል ሰው ቢኖር "ልጇ ነው" ይሉታል፤ ከዚያ ወዲያ የሚጠይቅ የለም። ጋሽ መኮንን ራሳቸው ከፊቷ ተንበርክከው እጇን ሳሙ። እኔን ያላወቀኝ ሰው እንደ እንግዳ ሰላም ብሎኝ ያልፋል። አልከፋኝም። ለቅሶው የእሷ ነበር፤ እኔ የመጣሁት ላደርስላት ነው።

ከሰዓት በኋላ ሰው ሲሳሳ ቀና ብላ ፈለገችኝ። ከዳር፣ አንድ ግንድ ላይ ተቀምጬ ነበር። የተቀመጠችበትን ፍራሽ በእጇ መታ መታ አደረገችው፤ ሄጄ አጠገቧ ተቀመጥኩ። ወንድሜ መሞቱን ከሰማሁ ጀምሮ ከሰው ተደብቄ ነበር የማለቅሰው። ያን ዕለት ጮክ ብዬ አለቀስኩ፤ ማንም ዝም በይ አላለኝም። እሷም አብራኝ አለቀሰች።